የባሕርይ ተዋናይ ዕድል፤ ከጎንደር መድረክ እስከ ጣና ዳርቻ

የፊልም ነገር በተነሣ ጊዜ ሰው ሁሉ አስቀድሞ የሚጠይቀው ዋናው ተዋናይ ማን ነበር ብሎ ነው። ስሙ በግድግዳ ላይ በሚለጠፈው ወረቀት በትልቁ የሚጻፈው፣ መልኩም በየሱቁ የሚሰቀለው እርሱ ነውና ነገሩ አያስደንቅም። ይሁን እንጂ ፊልሙ ከታየ ከብዙ ዓመት በኋላ በተመልካቹ ልብ ተቀምጦ የሚቀረው ብዙ ጊዜ ሌላ ሰው ነው፤ ከደጃፍ ቆሞ ሁለት ቃል ብቻ የተናገረ ሽማግሌ፣ ልጅዋን ስታይ ነጠላዋን ወደ አፏ የሳበች እናት፣ ወይም በገበያ መካከል ብቻውን የሚናገር እብድ። እንዲህ ያለውን ሰው የሙያው ዐዋቂዎች የባሕርይ ተዋናይ ይሉታል። ጀግናውን የሚጫወተው ሰው በየፊልሙ ራሱን ይዞ ይመጣል፤ ተመልካቹም የሚወደው ይህንኑ ነው። የባሕርይ ተዋናይ ግን ራሱን ከደጅ ትቶ የሌላ ሰው አረማመድ፣ የሌላ ሰው ሳልና የሌላ ሰው ዝምታ ተሸክሞ ይገባል። ሥራው በተሳካለት መጠን ስሙ ይጠፋል። ይህን ዕዳ በፈቃዱ የሚቀበል ሙያተኛ ከዚህ ሌላ ብዙ ያለ አይመስለንም።

እኛ ይህን የምንጽፈው በባሕር ዳር፣ ከጣና አጠገብ ተቀምጠን ነው። ጧት ጧት ከዘጌ በኩል እንጨት የጫኑ የደንገል ታንኳዎች ወደ ከተማው ሲቀርቡ የሚያይ ሰው፣ ቀዛፊው እንዴት እንደሚቀመጥና መቅዘፊያውን ከግራ ወደ ቀኝ እንዴት እንደሚያዛውር ልብ ይላል። ይህን አቀማመጥ በትምህርት ቤት ተምሮ አስመስሎ ለመሥራት ስንት ወር ይፈጅ ይሆን? ከኢትዮጵያ ፊልሞች መካከል በዓለም ዘንድ ከሁሉ ይልቅ የታወቀው አንዱ ታሪኩን የተከለው በዚሁ ሐይቅ ዳርቻ ስለ ሆነ፣ ጥያቄው ለእኛ ሩቅ አይደለም። የፊልሙ አዘጋጅ ስም በየጋዜጣው ብዙ ጊዜ ተነሥቷል። በዙሪያቸው የተሰለፉት ተዋንያን ታሪክ ግን እምብዛም አልተጻፈምና በዚህ ገጽ የምናነሣው እርሱን ነው።

ነገሩን ከድምፅ ብንጀምር አንሳሳትም። ባገራችን የባሕርይ ተዋናይነትን ጥበብ ለብዙ ሺህ ሰው በአንድ ጊዜ ያስተማረው ሲኒማ ሳይሆን ሬዲዮ ነው። በ1958 ዓ.ም. የታተመውን የሐዲስ ዓለማየሁን «ፍቅር እስከ መቃብር» ወጋየሁ ንጋቱ በሬዲዮ ሲተርከው የሰማ ሁሉ ይህን ያውቃል። አንድ ሰው ፊታውራሪ መሸሻ ሆኖ ይቆጣል፤ ወዲያው ጉዱ ካሣ ሆኖ ይስቃል፤ ከዚያ በኋላ በዛብህ ሆኖ ይተክዛል። ልብስ የለ፣ መብራት የለ፣ መልክ የለ። ጎጃም ውስጥ ከሬዲዮው ዙሪያ የተቀመጠው አድማጭ ግን እያንዳንዱን ሰው በዐይኑ ያየው ነበር። በመድረክ በኩልም የአገር ፍቅር ማኅበር ከ1927 ዓ.ም. ጀምሮ፣ ዛሬ ብሔራዊ ቴያትር የሚባለውም ቤት ከ1948 ዓ.ም. ጀምሮ ብዙ ተዋንያን አሳድገዋል። ለፊልም ግን በር የተከፈተው ዘግይቶ ነው። የመጀመሪያው ረጅም የአማርኛ ፊልም «ሂሩት አባቷ ማነው» የታየው በ1957 ዓ.ም. ሲሆን፣ ከዚያ በኋላ የተሠሩት ለረጅም ዘመን በጣት የሚቈጠሩ ነበሩ። በዓመት አንድ ፊልም በማይሠራበት አገር ተዋናይ በፊልም ብቻ ዕድሜውን ሊመራ አይችልም።

ፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማ በ1938 ዓ.ም. በጎንደር ሲወለዱ ቤታቸው የቴያትር ቤት ነበር ማለት ይቻላል። አባታቸው አቶ ገሪማ ታፈረ አርበኛ፣ የታሪክ ጸሐፊና የተውኔት ደራሲ ነበሩ። የጎንደር አርበኞችን ተጋድሎ የሚተርከውን «ጎንደሬ በጋሻው»ን የጻፉ እርሳቸው ናቸው። ልጅየውም በአባታቸው የቴያትር ቡድን ውስጥ ገና በሕፃንነታቸው መድረክ ላይ ወጡ። ተዋናይ የመሆን ሐሳብ ስለ ነበራቸው እ.ኤ.አ. በ1967 ወደ አሜሪካ ተሻግረው በሺካጎ ከተማ በጉድማን የድራማ ትምህርት ቤት ገቡ።

እዚያ የገጠማቸው ነገር ለዚህ ጽሑፋችን ዋና መነሻ ነው። ጥቁር ተማሪ ስለ ሆኑ በምዕራባውያኑ ተውኔቶች ውስጥ የሚደርሳቸው ክፍል የአገልጋይነት ነበር፤ ገብቶ የሚታዘዝ፣ ታዝዞም የሚወጣ ሰው። ትንሽ ክፍል መጫወት በራሱ ውርደት አይደለም። ትንሹን ክፍል ሰው የሚያደርገው በውስጡ ያለ ሕይወት ነውና። ለእርሳቸው የተሰጣቸው ግን ሕይወት የሌለበት ጥላ ብቻ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1970 ወደ ካሊፎርኒያ ተሻግረው በሎስ አንጀለሱ ዩኒቨርሲቲ የፊልም ተማሪ ሆኑ። እኛ እንደሚመስለን፣ ኋላ በፊልሞቻቸው ውስጥ ከዳር የሚቆም ሰው ሁሉ የራሱ ታሪክ ያለው ሆኖ የምናየው ዳር መቆም ምን እንደ ሆነ በራሳቸው አካል ስለ ቀመሱት ነው።

በሎስ አንጀለስ በዚያ ዘመን ቻርልስ በርኔትና ጁሊ ዳሽን የመሰሉ ጥቁር ተማሪዎች ተሰባስበው ከሆሊውድ መንገድ የወጣ ሌላ ፊልም ይሠሩ ነበር። ነጻ ፊልም የምንለው ይህን ነው፤ ከታላላቆቹ ኩባንያዎች ገንዘብ ውጭ፣ ስለዚህም ከትእዛዛቸው ውጭ የሚሠራ። ነጻነቱ ግን ዋጋ አለው፤ ዋጋውንም ከሁሉ በፊት የሚከፍለው ተዋናዩ ነው። በጥንቱ ሆሊውድ አንድ የባሕርይ ተዋናይ ከኩባንያ ጋር ተዋውሎ በዓመት ውስጥ በብዙ ፊልም እየገባ ይወጣ ነበር፤ ዛሬ ዳኛ፣ ነገ ሰካራም፣ ከነገ ወዲያ ቄስ ይሆናል፤ ደመወዙም አይቋረጥበትም። በነጻው ፊልም ግን ከአንዱ ሥራ እስከ ሌላው ዓመታት ያልፋሉ።

ለዚህ ምሳሌ የምትሆነን ባርባራ ኦ. ጆንስ ናት። እ.ኤ.አ. በ1972 ኃይሌ በሠሩት «የተቃውሞ ልጅ» በተባለው አጭር ፊልም ውስጥ እስረኛዋን ሆና ታየች። ቀጥሎ «ቡሽ ማማ» በተባለው ፊልም ዶርቲ የምትባለውን፣ ባሏ ያለ ጥፋቱ የታሰረባትንና የድጎማ መሥሪያ ቤት የምትመላለሰውን ድኻ እናት ተጫወተች። በዚህ ፊልም መጀመሪያ ላይ ፖሊሶች ጥቁሮችን አቁመው ሲፈትሹ ይታያል። ያ በድርሰት የተዘጋጀ አልነበረም። ፊልሙን ለማንሣት ከመንገድ የቆሙትን ሠራተኞች ፖሊስ በእውነት ይዞ ሲፈትሻቸው የተነሣ ነው፤ እርሳቸውም ሳይጥሉት ከፊልሙ ራስጌ አደረጉት። ባርባራ ኦ. ከዚያ በኋላ በብዙ ተመልካች ዘንድ የታወቀችው ጁሊ ዳሽ እ.ኤ.አ. በ1991 ባወጣችው «የአፈር ሴቶች ልጆች» በተባለው ፊልም ነው። ከመጀመሪያው እስከዚህ 19 ዓመት አልፏል። እ.ኤ.አ. በ2024 ስታርፍ የተወችልን የፊልም ዝርዝር ረጅም አይደለም፤ ከዝርዝሩ ውስጥ ግን በከንቱ የገባችበት የለም።

አሁን ወደ አገራችን እንመለስ። በአብዮቱ ወራት፣ የዘውዱ መንግሥት በወደቀበት ሰሞን፣ ኃይሌ ገሪማ ከትምህርት ቤታቸው ዕረፍት ወስደው መጥተው «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት»ን አነሡ። የማንሣቱ ሥራ የፈጀው ሁለት ሳምንት ያህል ብቻ ነው። ፊልሙ ጥቁርና ነጭ ነው፤ ርዝመቱ ከሁለት ሰዓት ተኩል አያንስም። ባለርስቱ ከሰገነቱ ተቀምጦ ሲጮህ፣ ጭሰኛው ሲያርስ፣ ሴቲቱ ውሃ ስትቀዳ፣ ልጅቱ ከብት ስትጠብቅ ያሳያል። ተጫዋቾቹ በሙያው የሠለጠኑ ሰዎች አይደሉም። በሬ ጠምዶ የሚያርሰው ሰው በእውነት የሚያርስ ነው። ጅራፉን ሲያጮኽ፣ ሞፈሩን ሲጫን፣ ወገቡን ሊያቀና ቆም ሲል ካሜራው እንዳለ የረሳው ይመስላል። በትዕግሥት ያልተመለከተው ሰው ፊልሙ ይረዝምበታል፤ እኛም መጀመሪያ ስናየው ረዝሞብን ነበር። ኋላ እንደ ገባን ግን ርዝመቱ የእርሻው ርዝመት ነው።

በዚያ ሁሉ ዝምታ መካከል የሚናገር አንድ ሰው አለ፤ ከበበ ይባላል። ለአገሩ የተዋጋ፣ ኋላ ግን መሬቱን ተነጥቆ አእምሮው የተናወጠ ሰው ነው። አሮጌ ልብሱን ደርቦ ባለርስቱን በአደባባይ ይሰድበዋል፤ ሌላው የሚያስበውንና የማይደፍረውን ይናገራል። ይህን ክፍል የተጫወቱት አቶ ገብሩ ካሣ ናቸው። በድርሰታችንና በኑሮአችን ውስጥ እብድ ማለት ብዙ ጊዜ እውነት የሚናገር ጤነኛ ማለት ነው። የጎጃሙ ጉዱ ካሣም የዚሁ ዘር ነው። (የተዋናዩ የአባት ስምና የልብ ወለዱ ሰው ስም መገጣጠሙ አጋጣሚ ብቻ ነው፤ ደስ ይለናል እንጂ ምንም አያስረዳም።) ነገር ግን በጉዱ ካሣና በከበበ መካከል ልዩነት አለ። ጉዱ ካሣ የተማረ ነው፤ ቃሉ የጠራ ነው፤ አንባቢው ከጎኑ እንዲቆም ድርሰቱ ይረዳዋል። ከበበ ግን ይቀባዥራል፤ ቃሉ ይቆራረጣል፤ ያስቃል፤ ወዲያው ያስፈራል። አቶ ገብሩ ከዚህ ሁሉ አንዱንም አላለዘቡትም። ከበበ በመጨረሻ ባለርስቱን በዱላ መትቶ ሲገድል ተመልካቹ ደስ ሊለው ይሁን ሊያዝን ሳያውቅ ይቀራል፤ እንዲህ ያለውን ስሜት ባንድ ጊዜ ማስነሣት የታላቅ ተዋናይ ሥራ ነው። ፊልሙ እ.ኤ.አ. በ1976 በአውሮፓ ታይቶ ተሸለመ፤ በየዓለሙ ያሉ የፊልም ተማሪዎች እስከ ዛሬ ያዩታል። ባላገሮቹም ከፊልሙ በኋላ ወደ እርሻቸው ተመለሱ። ተዋናይነታቸው የአንድ ፊልም ተዋናይነት ነበር።

ኃይሌ ገሪማ በሌላ አገር ሲሠሩም ይህንኑ ልማድ አልተዉም። እ.ኤ.አ. በ1993 በወጣው «ሳንኮፋ» በተባለው፣ ስለ ባሪያ ፍንገላ በሚናገረው ፊልም ከበሮ መቺውን የተጫወተው ጋናዊው ኮፊ ጋናባ በእውነትም ስመ ጥር የከበሮ ሰው ነበር፤ ለዐመፅ የሚነሣውን ባሪያ የተጫወተውም ሙታባሩካ የጃማይካ ባለቅኔ ነው። ፊልሙን የሚያሳይ ኩባንያ ሲጠፋ እርሳቸውና ባለቤታቸው ሺሪኪያና አይና ሲኒማ ቤት እየተከራዩ ከከተማ ወደ ከተማ ራሳቸው አሳዩት።

ከዚያም ጣና መጣ። «ጤዛ» ለመሠራት 14 ዓመት ፈጅቷል፤ ጊዜውን የበላው በአብዛኛው ገንዘብ ፍለጋ ነው። ታሪኩ አንበርብር ስለሚባል ሰው ነው። በጀርመን አገር ሕክምና ተምሮ በአብዮቱ ዘመን ወደ አዲስ አበባ ይመለሳል፤ ተስፋዬ የሚባል ጓደኛው ይገደልበታል። ዳግመኛ ወደ ጀርመን ሄዶ በዘረኞች ተደብድቦ እግሩን ያጣል። በመጨረሻም በ1980ዎቹ መጀመሪያ፣ ጦርነቱ በተፋፋመበት ጊዜ፣ እናቱ ወዳለችበት ወደ ሐይቁ ዳር መንደር ይገባል። አንበርብርን አሮን አረፈ ተጫውቶታል። ሐይቁን ያነሣው ካሜራ የጣልያናዊው የማሪዮ ማሲኒ ነው። ጣና በጧት ሲታይ በውሃውና በሰማዩ መካከል ያለው መስመር እንደሚጠፋ እኛ የዚህ አገር ሰዎች እናውቃለን፤ እንግዳ ሰው ይህን አይቶ መያዙ ግን አስደንቆናል።

የእኛን ልብ የያዙት ግን ከአንበርብር ዙሪያ ያሉት ናቸው። አስቀድመን ተስፋዬን እንውሰድ፤ የተጫወተው አብዬ ተድላ ነው። ተስፋዬ አገሩን እንዳመነ የሚሞት ሰው ነው፤ ሚስቱንና ልጁን በጀርመን ትቶ መጥቷል። አብዬ ተድላ ይህን ሰው ሲጫወት ጀግና አላደረገውም። ይስቃል፤ ይከራከራል፤ ይፈራል፤ ፍርሃቱንም በክርክር ይሸፍናል። ስለዚህም በአብዮቱ ስም በተነሡ ሰዎች እጅ ሲሞት የሚሞተው መፈክር ሳይሆን የምናውቀው ሰው ነው። እ.ኤ.አ. በ2008 በቱኒዚያ በተደረገው የካርታጎ የፊልም በዓል «ጤዛ» ታላቁን ሽልማት ወርቃማውን ታኒት ሲያገኝ፣ አብዬ ተድላም በረዳት ተዋናይነት ተሸልሟል። በዋና ተዋናይነት አለመሆኑን ልብ ይሏል። ኢትዮጵያዊ ረዳት ተዋናይ በአህጉር ደረጃ በስሙ ተጠርቶ ሲመሰገን ማየት ብርቅ ነውና፣ ይህ ሽልማት ባገራችን ከተነገረለት ይበልጥ ሊነገርለት ይገባ ነበር እንላለን።

ሁለተኛዋ እናትየዋ፣ ታድፌ ናት። የተጫወቱት ወይዘሮ ታከለች በየነ ናቸው። ታድፌ ብዙ አትናገርም። ልጅዋ ከረጅም ዓመት በኋላ አንድ እግሩን አጥቶ፣ አእምሮው ታውኮ መጥቶባታል። መንደሩ ያወራል፤ ወንድሙ ይቆጣል፤ እርሷ ግን ምን ሆንክ ብላ አትመረምረውም። ታበላዋለች፤ ሌሊት ሲጮህ ትነሣለች፤ ጠበል ትወስደዋለች። የተማረ ሰው ይህን የጠበል ክፍል ሲያይ ሊያፍር ይችላል። ወይዘሮ ታከለች ግን እናቲቱን የሚያሳፍር ነገር እንደሌለባት አድርገው ተጫውተዋታል፤ ሌላ የምታውቀው መድኃኒት የለምና ያላትን ትሰጣለች። ከፊልሙ ውስጥ አንድ ሰው ብቻ ምረጡ ብንባል እኛ የምንመርጠው እርሳቸውን ነው።

ሦስተኛዋ አዛኑ ናት፤ በተጄ ተስፋሁን የተጫወተችው። ልጅዋን ገድላለች ተብላ መንደሩ ያገለላት፣ ታድፌ ግን ከቤቷ ያስጠጋቻት ሴት ናት። አዛኑ ከግድግዳ ተጠግታ የምትሄድ፣ ዐይኗን ከመሬት የማታነሣ ሆና ትጀምራለች። ፊልሙ ወደ ፍጻሜው ሲደርስ ቀና ብላ ትታያለች። በዚህ መካከል ያለውን ለውጥ ተዋናይቱ በንግግር አልሠራችውም፤ በአንገቷ ሠራችው ብንል ማጋነን አይሆንም።

ከነዚህ በስተኋላ ስማቸው የማይጠራ ብዙዎች አሉ። ከሁሉ ይልቅ የማንረሳቸው ከአፈሳ ሸሽተው በዋሻ የተደበቁት ልጆች ናቸው። ብሔራዊ ውትድርና በ1975 ዓ.ም. በአዋጅ ከተደነገገ ወዲህ ልጅን ከገበያ፣ ከማሳ፣ ከትምህርት ቤት ደጃፍ አፍሶ መውሰድ የተለመደ ሆኖ እንደ ነበር የዚህ ዳርቻ ሰው በነገር ሳይሆን በቤቱ ያውቀዋል። ባሕር ዳር በ1983 ዓ.ም. ከደርግ እጅ ስትወጣ ሳይመለሱ የቀሩት ልጆች ብዙ ነበሩ።

ፊልሙን በአንድ ምሽት በቤታችን ከጥቂት ተማሪዎች ጋር ስናይ አንዲት ጎረቤታችን የሆኑ አሮጊት ቡና ሊጠጡ ገብተው ከበሩ አጠገብ ተቀመጡ። ሲኒማ የማየት ልማድ የላቸውም። ወታደሮች ልጆቹን ሲያባርሩ ፊታቸውን አዞሩ። ታድፌ በሌሊት ተነሥታ ልጅዋን ስትይዘው ግን መልሰው አዩ። ካለቀ በኋላ ተማሪዎቹ ስለ ርዮተ ዓለምና ስለ ምሁሩ ስደት ክርክር ሲያነሡ፣ እርሳቸው ወደ እኛ ዞረው፣ «ልጄ፣ ይቺ ሴትዮ የየት መንደር ናት?» ብለው ጠየቁን። ተዋናይት እንደ ሆኑና የእውነት እናቱ እንዳልሆኑ አስረዳናቸው። ጥቂት ዝም ብለው፣ «ይሁና፤ ብቻ ልጇ ተመልሶላታል» አሉ። የእርሳቸው ልጅ በ1980 ዓ.ም. ከገበያ ታፍሶ እንደ ሄደ አልተመለሰም። ተማሪዎቹ ክርክራቸውን ተዉት።

«ጤዛ» በ2000 ዓ.ም. መጨረሻ በቬኒስ የዳኞቹን ልዩ ሽልማትና የድርሰቱን ሽልማት አገኘ፤ በየካቲት 2001 ዓ.ም. ደግሞ በዋጋዱጉ የያኔንጋን ወርቃማ ፈረስ ተቀበለ። ከዚያ ወዲህ በኢትዮጵያ የሚሠራው ፊልም በቍጥር እጅግ በዝቷል። በ2007 ዓ.ም. የያሬድ ዘለቀ «ላምብ»፣ ከጎንደር ደጋ ተነሥቶ፣ በካን የፊልም በዓል ከተመረጡት መካከል ገባ፤ ዋናውን ክፍል የተጫወተው ረድኤት አማረ የተባለ ሕፃን ነው። በባሕር ዳርም የሙሉዓለም የባህል ማዕከል ተዋንያንን ሲያሠለጥን ኖሯል። የአዲስ አበባው ገበያ ግን እስካሁን የሚሻው በአብዛኛው መልከ መልካሙን ወጣትና ሳቅ የሚያመጣውን ሰው ነው። እናት የሚጫወቱት፣ ዘበኛ የሚጫወቱት፣ የሰፈር ሽማግሌ የሚጫወቱት ተዋንያን ከአንዱ ፊልም ወደ ሌላው ያንኑ ጋቢ ለብሰው፣ ያንኑ ምክር እየተናገሩ ይሻገራሉ። ጥፋቱ የእነርሱ አይደለም፤ የተጻፈላቸው ያው ስለ ሆነ ነው። የታድፌን ያህል ዝምታ የሚጽፍላቸው ደራሲ ቢያገኙ ከመካከላቸው ብዙዎቹ ምን ሊያደርጉ እንደሚችሉ፣ በየመድረኩ ስናያቸው የኖርን እኛ አንጠራጠርም።

በፊልሙ መጨረሻ አዛኑ ትወልዳለች፤ አንበርብርም የመንደሩን ልጆች ማስተማር ይጀምራል። ታድፌ በዚያን ጊዜም ከዳር ናት፤ አዲስ የተወለደው ሕፃን ባለበት ቤት ሥራዋን ትሠራለች።